አቀናባሪው ሶፍትዌሩን ለምን አፕዴት አያደርግም?

ባሕር ዳር ውስጥ ወደ አንድ የሙዚቃ ስቱዲዮ ጎራ ብትሉና የአቀናባሪውን ኮምፒውተር ብታዩ ግር ሊላችሁ ይችላል። ማይኩ ደህና ነው። ስፒከሮቹ ደህና ናቸው። ስክሪኑ ላይ የተከፈተው የሙዚቃ ማቀናበሪያ ሶፍትዌር ግን ከወጣ ብዙ ዓመት ያለፈው ነው። ኤፍ ኤል ስቱዲዮ 12 ሊሆን ይችላል። ኩቤዝ 5 ሊሆን ይችላል። «አዲስ ቨርዥን ወጥቷል» የሚል ማስታወቂያ ብቅ ሲል አቀናባሪው አንብቦ ሳይጨርስ ይዘጋዋል።

ስልኩን በየሳምንቱ አፕዴት የሚያደርግ ሰው ይህን ሲያይ ሁለት ነገር ይጠረጥራል። ወይ ገንዘብ አጥሮታል፣ ወይ አዲስ ነገር መማር ከብዶታል። እኔ በዚህ አልስማማም። ከአሮጌው ጋር መቆየት አብዛኛውን ጊዜ ታስቦበት የሚወሰን የሥራ ውሳኔ ነው። ምክንያቱ ግን ከውጭ ሆኖ ለሚያይ ሰው አይታይም። ዘፋኞች፣ የሰርግ ዘፈን የሚያሠሩ ቤተሰቦች፣ ስቱዲዮ ሊከፍቱ የሚያስቡ ወጣቶች ቢያውቁት ይጠቅማቸዋል። ስለዚህ ዘርዘር አድርጌ ልጻፈው።

የገንዘቡን ነገር ቶሎ እንለፈው። ኤፍ ኤል ስቱዲዮን የሚሠራው ኢሜጅ-ላይን የሚባል የቤልጂየም ድርጅት ነው። ሶፍትዌሩ መጀመሪያ የወጣው እ.ኤ.አ. በ1997 ፍሩቲሉፕስ በሚል ስም ነበር። ዛሬም ብዙ ሰው «ፍሩቲ» የሚለው ለዚህ ነው። ይህን ሶፍትዌር አንዴ የገዛ ሰው ከዚያ በኋላ የሚወጡትን ቨርዥኖች ያለ ተጨማሪ ክፍያ ያገኛል። እንዲያም ሆኖ ከፍለው የገዙ፣ አዲሱን በነፃ መውሰድ የሚችሉ ሰዎች በ12 ወይም እ.ኤ.አ. በ2018 በወጣው በ20 ይሠራሉ። በነፃ ቀርቦላቸው ካልወሰዱት ጉዳዩ የኪስ አይደለም ማለት ነው።

ጉዳዩ የሚጀምረው «ፕሮጀክት» ከሚባለው ፋይል ነው።

ስልካችሁ ላይ ያለው ዘፈን ያለቀለት ድምፅ ነው። ለጓደኛችሁ ብትልኩለት እሱም ስልክ ላይ ያው ድምፅ ይወጣል። አቀናባሪው ዘንድ ያለው ፕሮጀክት ግን ሌላ ነገር ነው። ውስጡ በአብዛኛው ያለው ትእዛዝ ነው። ይህን የከበሮ ድምፅ ከዚህ ፎልደር አምጣ፤ በሁለተኛው ምት ላይ አጫውተው፤ የክራሩን መስመር በዚያ ፕለጊን አሳልፈው፤ አዝማቹ ላይ ስትደርስ የዘፋኟን ድምፅ ትንሽ ከፍ አድርገው፤ እያለ ይቀጥላል። ፕሮጀክቱ በተከፈተ ቁጥር ኮምፒውተሩ እነዚህን ትእዛዞች አንድ በአንድ እየፈጸመ ዘፈኑን እንደገና ይገነባዋል። ከትእዛዞቹ አንዱ የሚጠራው ነገር ከጠፋ ወይም ከተለወጠ ዘፈኑም ይለወጣል።

ፕለጊን የምንለው ከዋናው ሶፍትዌር ጋር የሚሰካ ትንሽ ፕሮግራም ነው። አንዱ የቤዝ ድምፅ ያወጣል። አንዱ ሪቨርብ፣ ማለትም የማስተጋባት ስሜት ይጨምራል። ሌላው ያመለጠ ኖታ ያስተካክላል። በአንድ ዘፈን ላይ ሃያና ሠላሳ ፕለጊን መኖሩ ብርቅ አይደለም። ሠሪዎቻቸውም የተለያዩ ናቸው። አንዱን የሠራው ትልቅ ድርጅት ነው፤ ሌላውን ደግሞ ቤቱ ቁጭ ብሎ በትርፍ ጊዜው የሠራ አንድ ፕሮግራመር።

እንግዲህ አንድ ዘፈን በትክክል እንዲከፈት የዋናው ሶፍትዌር ቨርዥን፣ የየፕለጊኑ ቨርዥን፣ የዊንዶውሱ ቨርዥን፣ ድምፅ የሚያስገባውና የሚያወጣው የሳውንድ ካርዱ ድራይቨር (ከኮምፒውተሩ ጋር የሚያግባባው ፕሮግራም)፣ ሁሉም መስማማት አለባቸው። አቀናባሪ «ስቴብል ነው»፣ አይናጋም ሲል የሚያወራው ስለዚህ ሁሉ ስብስብ ነው። የሶፍትዌሩ ሠሪ የራሱን ሥራ ሞክሮ ይሆናል የሚያወጣው። እዚህ ጣና ዳር ያለችውን አንዲት ላፕቶፕ፣ ከነፕለጊኗ ከነሳውንድ ካርዷ፣ የሞከረ ግን ማንም የለም። የሞከራት አቀናባሪው ራሱ ነው። ለዓመታት ዘፈን እየሠራባት፣ የት ላይ እንደምትደነቅፍ እያወቀ። ባለሙያ ሴት አዲስ ምጣድ ገዝታ በማግሥቱ ለድግስ እንጀራ አትጋግርበትም፤ አስቀድማ ታሟሸዋለች። የአቀናባሪው አሮጌ ቨርዥን የተሟሸ ምጣድ ነው።

ስለዚህ አንድ አዲስ ቨርዥን ሲወጣ ልምድ ያላቸው ሰዎች ቁጥሩን ያያሉ። ዜሮ ላይ የሚያልቅ ከሆነ፣ ለምሳሌ 14.0 ከሆነ፣ ገና ነው ይላሉ። ከወራት በኋላ .1 ወይም .2 ሲመጣ ሌሎች ሰዎች ያገኟቸው ስሕተቶች ታርመው ይመጣሉ። በዚህ መሐል የሚቀርባቸው ነገር ብዙም የለም።

አሁን ደግሞ አንድ ዘፈን እንከተል። በጥር ለሰርግ የተሠራ ነው እንበል። ጎጃም ውስጥ ጥር የሰርግ ወር ነው፤ ስቱዲዮዎች እንቅልፍ የሚያጡበት ጊዜ ነው። ዘፋኙ በሰኔ ተመልሶ ይመጣል። «ወንድሜ፣ ይቺን ስንኝ ልቀይራት፣ ከበሮዋንም ትንሽ አጠንክራት» ይላል። አምስት ደቂቃ የማትፈጅ ሥራ ናት። አቀናባሪው በግንቦት አፕዴት አድርጎ ከሆነ ግን ፕሮጀክቱ ሲከፈት አንድ ፕለጊን አልተገኘም የሚል መልእክት ይመጣል። ቤዙ የለም። ወይም ቤዙ አለ፣ ግን ያ ወፍራም ድምፁ ሳስቷል። ዘፋኙ ጀርባው ላይ ቆሞ እየጠበቀ ነው።

ከዚህ የሚብሰው መመለሻ ማጣቱ ነው። አሮጌ ፕሮጀክት በአዲስ ቨርዥን ብዙውን ጊዜ ይከፈታል። በአዲሱ ቨርዥን ሴቭ ከተደረገ በኋላ ግን አሮጌው ብዙውን ጊዜ አይቀበለውም። ኤብልተን ላይቭ በሚባለው የቅንብር ሶፍትዌር፣ በላይቭ 11 ሴቭ ያደረጋችሁትን በላይቭ 10 መክፈት አትችሉም። የመሣሪያ ድምፆችን የሚጭነው ኮንታክትም እንዲሁ ነው፤ በአዲሱ የተቀመጠ ድምፅ በአሮጌው አይከፈትም። አንድ ቀን ሳያስቡት «ሴቭ» የነኩ ሰዎች ሁለት ቦታ ተንጠልጥለው ይቀራሉ።

ነገሩ አብሮ መሥራት ሲመጣ ይከብዳል። ቅንብሩ ባሕር ዳር ይሠራል። ድምፆቹን የማመጣጠኑ ሥራ፣ ሚክሲንጉ፣ አዲስ አበባ ይሠራል። ጊታር የሚጫወተው ልጅ ጎንደር ነው። ፕሮጀክቱ በፍላሽ ወይም በቴሌግራም ከአንዱ ወደ ሌላው ይሄዳል። አንዱ ብቻ አፕዴት ቢያደርግ ሌሎቹ የላከውን መክፈት ላይችሉ ይችላሉ። ስለዚህ አብረው የሚሠሩ ሰዎች ቃል ባይገባቡም በአንድ ቨርዥን ይስማማሉ። ከመካከላቸው የአንዱ ኮምፒውተር ደካማ ከሆነ ሁሉም በእሱ ልክ ይቆያሉ። ይህ ቸልተኝነት አይደለም፤ መተሳሰብ ነው።

ብዙ ሰው አፕዴት እንዲፈራ ያደረገው ትልቁ ነገር ግን ከ32 ቢት ወደ 64 ቢት የተደረገው ሽግግር ይመስለኛል። ትንሽ ልግለጸው። 32 ቢት የሆነ ፕሮግራም ሊጠቀምበት የሚችለው ሚሞሪ ቢበዛ 4 ጊጋባይት ነው። ዛሬ አንድ የፒያኖ የድምፅ ስብስብ ብቻውን ከዚያ ሊበልጥ ይችላል። ስለዚህ ወደ 64 ቢት መሄዱ ተገቢ ነበር፤ በዚህ አልከራከርም። ችግሩ 64 ቢት የሆነ ሶፍትዌር 32 ቢት የሆነ ፕለጊን በቀጥታ መጫን አለመቻሉ ነው። መሐል ላይ አስተርጓሚ የሚሆን ሌላ ፕሮግራም ያስፈልገዋል። ሠሪዎቹ መጀመሪያ አስተርጓሚውን አብረው ይሰጡ ነበር። ኋላ ላይ ግን ድጋፉን አንድ በአንድ አቆሙ። የአፕል ሎጂክ ፕሮ ኤክስ እ.ኤ.አ. በ2013፣ ኩቤዝ 9 በ2016፣ ላይቭ 10 በ2018። በ2019 ደግሞ የአፕል ኮምፒውተሮች የሚሠሩበት ሲስተም፣ ማክኦኤስ ካታሊና፣ ራሱ 32 ቢት ፕሮግራሞችን ከነጭራሹ መክፈት አቆመ።

ትልልቆቹ ድርጅቶች ፕለጊኖቻቸውን በ64 ቢት እንደገና ሠሯቸው። በትርፍ ጊዜው የሠራው ያ ፕሮግራመርስ? ሥራ ቀይሯል፣ ወይም ነገሩን ትቶታል። ፕለጊኑ ያለ አሳዳጊ ቀረ። አሁን በዚያ ፕለጊን የዋሽንት ድምፁን ያሳመረ አቀናባሪ አስቡ። ሰው «ያ ዋሽንት» ብሎ የሚያውቀው ድምፅ ነው። አዲሱን ቨርዥን ቢወስድ ያን ድምፅ ያጣል። ባይወስድ ድምፁ አብሮት ይኖራል። እኔ ብሆን እኔም አልወስድም።

ተመሳሳይ ነገር አሁንም እየሆነ ነው። ፕለጊን ከሶፍትዌር ጋር የሚነጋገርበትን ቪኤስቲ የሚባለውን ሥርዓት ያመጣው የጀርመኑ ስታይንበርግ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1996። ሦስተኛው ትውልድ በ2008 ወጣ። በ2022 መጀመሪያ ላይ ድርጅቱ በሁለት ዓመት ጊዜ ውስጥ ለሁለተኛው ትውልድ የሚሰጠውን ድጋፍ ከራሱ ሶፍትዌሮች እንደሚያነሣ አሳወቀ። በዚያ የሚሠሩ ፕለጊኖች ግን ዛሬም በየስቱዲዮው ሞልተዋል።

ሌላው ምክንያት ሰዓት ነው። የሚሊሰከንድ ሰዓት። ደብዳቤ ስትጽፉ ኮምፒውተሩ ለግማሽ ሰከንድ ቢደነቅፍ ምንም አትሆኑም። ሙዚቃ ግን አይጠብቅም። በተለመደው የሲዲ ጥራት አንድ ሰከንድ ድምፅ ማለት 44,100 ናሙና ነው። ኮምፒውተሩ እነዚህን በቡድን በቡድን እየተቀበለ ያስኬዳል። የቡድኑ መጠን ባፈር ይባላል። ባፈሩ 256 ከሆነ ኮምፒውተሩ በየ5.8 ሚሊሰከንዱ ሥራውን ጨርሶ ማስረከብ አለበት። ሁሉንም ፕለጊን፣ ሁሉንም መስመር። አንድ ጊዜ ካረፈደ ድምፁ ላይ «ጠቅ» የሚል ነገር ይሰማል። ያ ድምፅ በጥሩ ቅጂ መሐል ከገባ ቅጂው ተበላሸ ማለት ነው።

ባፈሩን ወደ 1024 ማሳደግ ይቻላል። ኮምፒውተሩ ይተነፍሳል። ግን እያንዳንዱ ቡድን 23 ሚሊሰከንድ ይፈጃል። ድምፁ ገብቶ፣ ተሠርቶ፣ ወደ ጆሮ ማዳመጫው እስኪመለስ መዘግየቱ ከእጥፍ አያንስም። አሁን ከገጠር የመጡ መሰንቆ ተጫዋች ማይኩ ፊት ተቀምጠዋል እንበል። ዕድሜ ልካቸውን መሰንቆውን የሰሙት በጉያቸው ይዘው ነው። ማዳመጫውን ሲያደርጉ የራሳቸው ድምፅ ወደ ኋላ እየጎተተ ይመጣባቸዋል። «ልጄ፣ ይሄ ነገር ወደ ኋላ ይስበኛል» ይላሉ። «ጋሼ፣ ትንሽ ይታገሡኝ፣ አስተካክለዋለሁ» ይላል አቀናባሪው። ባፈሩን ሲያሳንሰው ድምፁ መንጣጣት ይጀምራል። አሮጌው ቨርዥን በዚያችው ላፕቶፕ ላይ በ256 ያለ ችግር ይሠራ ነበር። አዲሱ ግን የሚያምር ስክሪን፣ አዳዲስ ሥራ፣ ብዙ ሚሞሪ የሚበላ ነገር ጨምሯል። የአዲሱ ቨርዥን የማሻሻያ ዝርዝር ረጅም ነው፤ ለመሰንቆ ተጫዋቹ ግን ስቱዲዮው ወደ ኋላ ሄደ።

ዊንዶውስም በራሱ ጊዜ እንዲህ ያደርጋል። ሌሊት አፕዴት አውርዶ የሳውንድ ካርዱን ድራይቨር በሌላ ይተካል። ጠዋት ላይ ማይኩ አይሰማም። የስቱዲዮ ሰዎች የዊንዶውስን አፕዴት ሲያቆሙ ከዚህ ለማምለጥ ነው።

እዚህ ላይ የባሕር ዳርን ነገር ማንሣት ግድ ነው። አፕዴት ሁለት ነገር ይፈልጋል፦ የማይቋረጥ መብራትና የማይቋረጥ ኢንተርኔት። ክረምት ላይ ከጣና በኩል ደመናው ተነሥቶ ነጎድጓድ ሲጀምር መብራት ይሄዳል። ዴስክቶፕ ኮምፒውተር አፕዴት መሐል ላይ እያለ መብራት ከሄደ ዊንዶውሱ ራሱ ላይነሣ ይችላል። ባትሪዋ የሞተ ላፕቶፕም ከዴስክቶፕ አትለይም። በሌላ ከተማ «ተጫነው፣ ራሱ ይጨርሳል» የሚባለው ነገር እዚህ ቁማር ነው።

ኢንተርኔቱ ደግሞ ከፍጥነት ያለፈ ጉዳይ አለው። ብዙ አዳዲስ ሶፍትዌሮች ፈቃዳቸውን በኢንተርኔት ያረጋግጣሉ። አንዳንዶቹ ሲጫኑ አንዴ ብቻ፣ አንዳንዶቹ በየጊዜው። በተለይ በወርኃዊ ክፍያ የሚሠሩት ከሠሪያቸው ጋር ካልተገናኙ ውሎ አድሮ ይቆለፋሉ። በ2015 ዓ.ም ክረምት በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ተቋርጦ ለወራት ቆይቷል። በእንዲህ ያለ ጊዜ በየወሩ ኢንተርኔት የሚጠይቅ ሶፍትዌር የያዘ ሰው ሥራው በሌላ ሰው እጅ ነው። ጭኖ የጨረሰው፣ ማንንም የማይጠይቅ አሮጌ ቨርዥን ያለው ሰው ግን መብራት እስካለ ድረስ ይሠራል። ለእኔ ይህ ብቻውን በቂ ምክንያት ነው።

የፈቃዱ ነገር ከሠሪዎቹም በኩል ይዘጋል። ኩቤዝ እስከ ቨርዥን 11 ድረስ ፈቃዱ የሚቀመጠው እንደ ፍላሽ በምትሰካ ቁልፍ ላይ ነበር። ከኩቤዝ 12 ጀምሮ ያ ቀረ። ስታይንበርግ የቁልፏን የኢንተርኔት አገልግሎት እ.ኤ.አ. በሜይ 2025 ዘጋው። ቁልፏ ላይ ያለ ፈቃድ መሥራቱን ይቀጥላል። እንዲህ ያለች ቁልፍ ያላችሁ ሰዎች በጥንቃቄ ያዟት፤ ከጠፋች ወይም ከተሰበረች እንደ ድሮው ሌላ አታገኙም።

ስለ ክራክም፣ ሳይከፈልበት እንዲሠራ መቆለፊያው ስለተሰበረ ሶፍትዌር፣ ሳልናገር ባልፍ ታማኝ አልሆንም። በእጃችን ከሚዞረው ሶፍትዌር ብዙው የተሰበረ ነው። ምክንያቱን አውቀዋለሁ፤ ዶላር የሚያወጣ ካርድ ማግኘት ቀላል አይደለም። ግን ክራክ የሆነን አሮጌ ቨርዥን «ስቴብል» ማለት ልክ አይደለም። የሰበረው ሰው ምን እንደጨመረበት አይታወቅም። ለአንዱ የሠራው ለሌላው መሐል ላይ ይዘጋል፤ ኮምፒውተሩ ሲቀየር ያው ፋይል እንደገና ላይጫን ይችላል። በተጨማሪ ያ በትርፍ ጊዜው ፕለጊን የሠራ ፕሮግራመር ሥራውን የተወው አንዱ ምክንያት ማን ይከፍለዋል የሚለው ነው። ከፍሎ ለመጀመር የሚፈልግ ሰው ሪፐር የሚባለውን የቅንብር ሶፍትዌር ቢያይ መልካም ነው። ለግለሰብና ለትንሽ ስቱዲዮ ዋጋው 60 ዶላር ነው። ፋይሉ ትንሽ ስለሆነ በደካማ ኢንተርኔትም ይወርዳል። ደግሞም ሠሪዎቹ የቀድሞ ቨርዥኖቹን በሙሉ በድረ ገጻቸው አስቀምጠዋል። አሮጌው ተመራጭ ሊሆን እንደሚችል የገባቸው ሰዎች ናቸው።

አሁን የድምፁን ነገር ላንሣ። እኔ ከሁሉ በላይ የማከብረው ምክንያት ይህ ነው።

ያመለጠ ኖታ የሚያስተካክሉ ፕለጊኖች ከፋብሪካ ሲወጡ ኦክታቩን በ12 እኩል ቦታ ከፍለው ነው። የፒያኖ ቁልፍ እንደተደረደረው። ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰል፣ አንቺሆዬ ሲዘፈን ግን ድምፅ ሁልጊዜ እነዚያ ቁልፎች ላይ አያርፍም። መሰንቆም ጣት የሚያርፍበት ምልክት የለውም፤ አንድ አውታርና የተጫዋቹ ጆሮ ብቻ ነው። ፕለጊኑን ዝም ብላችሁ ብትለቁት የአዝማሪውን ድምፅ ወደ ቅርቡ ቁልፍ ይጎትተዋል። ጌጡ ይጠፋል። ዜማው ይደርቃል። ስለዚህ ጥሩ አቀናባሪ ብዙ ይደክማል። በምን ፍጥነት ይሳብ? የትኛው ኖታ ይለፍ? የትኛው ቦታ ላይ ጨርሶ ይጥፋ? ይህን አንዴ ካገኘው በኋላ እንደ ዓይኑ ብሌን ይጠብቀዋል። አዲሱ ቨርዥን ስሌቱን ትንሽ ከቀየረ ያው ቁጥር ሌላ ድምፅ ይሰጣል። ልዩነቱን አድማጭ በቃል ላይናገረው ይችላል። «የድሮው ይሻል ነበር» ማለቱ ግን አይቀርም።

ይህ የእኛ ብቻ ነገር አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1997 የወጣውን ኦቶ-ቲዩን የሚባለውን የኖታ ማስተካከያ ፕለጊን ሠሪዎቹ እያሻሻሉት ቢሄዱም ብዙ ሰው የቨርዥን 5ን ድምፅ ሊለቅ አልቻለም። በ2018 ኦቶ-ቲዩን ፕሮን ሲያወጡ የዚያን የአሮጌውን ድምፅ የሚመልስ «ክላሲክ» የሚል ምርጫ ጨመሩበት። ሠሪው ራሱ ወደ ደንበኛው ተመለሰ።

የእጅ ልማድም አለ። ለዓመታት አንድ ቦታ የነበረ ቁልፍ ሲቀየር ሥራ ይንቀራፈፋል። ይህ ግን በሁለት ሳምንት የሚለመድ ስለሆነ ብዙ ክብደት አልሰጠውም።

ታዲያ ለዘላለም አንድ ቦታ መቆም ይሻላል? አይሻልም። ኮምፒውተር ይሞታል። አዲስ የሚገዛው ላፕቶፕ ከዊንዶውስ 11 ጋር ይመጣል፤ አሮጌው ሳውንድ ካርድ ለእሱ ድራይቨር ላይኖረው ይችላል። የደኅንነት ጉዳይም አለ። ማይክሮሶፍት ለዊንዶውስ 7 ይሰጥ የነበረውን ድጋፍ እ.ኤ.አ. በጃንዋሪ 2020 አቁሟል፤ የዊንዶውስ 10ም በኦክቶበር 2025 አብቅቷል። ከዚያ በኋላ የሚገኝ ቀዳዳ በተለመደው መንገድ አይደፈንም። ስቱዲዮ ደግሞ የፍላሽ መናኸሪያ ነው። ዘፋኙ ይዞ ይመጣል፣ ግጥም ጸሐፊው ይዞ ይመጣል፣ ቪዲዮ የሚሠራው ይዞ ይመጣል። ለቫይረስ ከዚህ የተመቸ ቦታ የለም። በአሮጌ ሲስተም የሚሠራ ሰው ዋናውን ኮምፒውተር ከኢንተርኔት ቢነቅለውና የደንበኛን ፍላሽ በሌላ ማሽን ላይ አጣርቶ ቢያስገባ ይሻለዋል።

ለመቀየር የወሰነም ሰው አሮጌውን ማጥፋት የለበትም። ኤፍ ኤልም፣ ኩቤዝም፣ ላይቭም አሮጌና አዲስ ቨርዥናቸው በአንድ ኮምፒውተር ላይ ጎን ለጎን ይቀመጣል። የተጀመረው ዘፈን በአሮጌው ያልቃል፤ አዲሱ ዘፈን በአዲሱ ይጀመራል። መጠንቀቅ የሚያስፈልገው ፕለጊኖቹን ነው። እነሱ ብዙ ጊዜ ለሁለቱም ቨርዥን የጋራ ናቸው። አንዱን ፕለጊን አፕዴት ስታደርጉ አሮጌው ይጠፋና የድሮ ዘፈኖቻችሁም ይነካሉ። ስለዚህ የእያንዳንዱን ፕለጊን መጫኛ ፋይል በኤክስተርናል ሃርድ ዲስክ አስቀምጡ። ከመቀየራችሁ በፊት የዲስኩን ሙሉ ቅጂ ውሰዱ፤ አልሆን ቢል በአንድ ከሰዓት ወደ ነበራችሁበት ትመለሳላችሁ። ጊዜውንም ምረጡ። ዘፈን ለሚሠራ ዐቢይ ጾም ሲገባ የሰርግ ሥራ ስለሚቆም ጥሩ ነው፤ መዝሙር ለሚሠራ ግን ያ ወቅት ራሱ የሥራ ጊዜ ሊሆን ይችላል። በጥር አጋማሽ አፕዴት የሚነካ ሰው ግን ምክር አልሰማም።

ከሁሉ የሚበልጠው ዘፈኑን ከፕሮጀክቱ ማውጣት ነው። እያንዳንዱን መስመር ለብቻው፣ ከዘፈኑ መነሻ እስከ መጨረሻው፣ በዌቭ ፋይል። የስቱዲዮ ሰዎች ስቴም ይሉታል። ዌቭ እ.ኤ.አ. በ1991 የወጣ ፎርማት ነው፤ ዛሬም በየትኛውም ሶፍትዌር ይከፈታል። ኖታ የሚቀመጥበት ሚዲ የ1983 ነው፤ እሱም ይከፈታል። አራት ደቂቃ የሚረዝም አንድ ሞኖ መስመር በ24 ቢት ወደ 32 ሜጋባይት ቢይዝ ነው። ሠላሳ መስመር ያለው ዘፈን ሙሉው አንድ ጊጋባይት ቢጠጋ ነው። ተራ ፍላሽ ብዙ ዘፈን ይይዛል። ስቴም ያለው ዘፈን ኩቤዝ ቢቀየር፣ ፕለጊኑ ቢጠፋ፣ አቀናባሪው አገር ቢለቅ እንደገና ሚክስ ይደረጋል። በተለይ የእነዚያ አባት መሰንቆ ዛሬ ካልተቀመጠ ነገ በምን ሶፍትዌር ይተካል?

ዘፋኞችም ስቱዲዮ ስትመርጡ የሶፍትዌሩን ቁጥር አትጠይቁ። ይልቅ ከሁለት ዓመት በኋላ ብመጣ ዘፈኔን መክፈት ትችላለህ ወይ ብላችሁ ጠይቁ። ስቴም ትሰጠኛለህ ወይ በሉት። ስቴም ማውጣት ሰዓት የሚወስድ ሥራ ስለሆነ ዋጋው ከቅንብሩ ጋር አስቀድሞ ይነገር። ፍላሹንም ባዶውን አምጡ።